ብድር ተበድረው የቤት ሽያጭ ውል ለፈረሙ ሰዎች፦ ቤትዎን ለማዳን ከውሉ በፊትና ከውሉ በኋላ የሚያደርጉት

ፍርድ ቤት ደጃፍ ተቀምጬ ማመልከቻ ስጽፍ ዓመታት ተቆጥረዋል። ከደጀን፣ ከአማኑኤል፣ ከደንበጫ፣ ከቢቸና የሚመጣ ባለጉዳይ ፌስታሉን ሲፈታ ደጋግሜ የማየው አንድ ዓይነት ወረቀት አለ። ራስጌው ላይ «የቤት ሽያጭ ውል ስምምነት» ይላል። ሻጭ፣ ገዥ፣ ዋጋ፣ ምስክሮች፣ ፊርማ፣ ክብ ማኅተም፤ ምንም አልጎደለውም። ባለጉዳዩ ግን «እኔ ቤት አልሸጥሁም፤ ገንዘብ ነው የተበደርሁት» ይላል። ብዙ ጊዜም እውነቱን ነው። ልጅ ለማሳከም፣ ለሰርግ ወይም ለጤፍ ንግድ መነሻ ገንዘብ ፈልጎ አንድ ሰው ዘንድ ሄደ፤ ሰውየውም «መያዣ እንዲሆነኝ የሽያጭ ውል ፈርምልኝ፤ ስትመልስ እንቀደዋለን» አለው።

አባቶቻችን «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ይላሉ። በዚህ ጉዳይ ብድሩ የተነገረው በቃል ነው፤ ሽያጩ የተጻፈው በወረቀት ነው። ከዚህ በታች የምጽፈው ሁሉ የሚያጠነጥነው በዚህ ላይ ነው፦ ብድሩ የራሱ ወረቀት ይኑረው። ገና ያልፈረሙ ሰዎች ከመጀመሪያው ይጀምሩ፤ የፈረሙ ደግሞ «ከፈረሙ በኋላ» ወደሚለው ይለፉ።

ከመፈረምዎ በፊት

አበዳሪው መያዣ መጠየቁ ጥፋት አይደለም። ገንዘቡን የሚያወጣ ሰው ዋስትና ይፈልጋል። ጥፋቱ መያዣውን ሽያጭ ብሎ መጻፍ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለቤት መያዣ ራሱን የቻለ መንገድ አበጅቷል፤ ስሙም የማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣ ውል ነው። ስለዚህ አበዳሪውን «መያዣ አልሰጥም» አይበሉት፤ «በሕጉ መንገድ እሰጥሃለሁ» ይበሉት።

አሠራሩ ከባድ አይደለም። የብድር ውል ይጻፋል፤ በዚያው ወይም በተለየ ወረቀት ላይ ቤቱ መያዣ መሆኑ ይገለጻል። የሕጉ ቁጥር 3045 ውሉ በጽሑፍ እንዲሆንና መያዣው የሚያስከብረው ገንዘብ በኢትዮጵያ ብር ልኩ እንዲጠቀስ ያዛል። ከዚያ ሁለታችሁም ውል የሚያረጋግጠው መሥሪያ ቤት ቀርባችሁ ትፈርማላችሁ። በመጨረሻም ቤቱ ያለበት ከተማ የይዞታ መዝገብ ላይ መያዣው ይመዘገባል፤ ያልተመዘገበ መያዣ በሕግ ፊት ውጤት የለውም። ምዝገባው ለ10 ዓመት ይጸናል። ይህን ሲያደርጉ አበዳሪው፣ እርሱ ሳያውቅ እርስዎ ቤቱን ለሌላ እንዳይሸጡበት ይጠበቃል፤ እርስዎም ቤቱን አበዳሪው ለራሱ እንዳያደርገው ይጠበቃሉ።

ይህ ሁለተኛው ጥበቃ እጅግ ትልቅ ነውና ላስረዳ። ቁጥር 3060 «ባለዕዳው በቀኑ ካልከፈለ ቤቱን እወስዳለሁ» ወይም «ከሕግ ሥርዓት ውጭ እሸጠዋለሁ» የሚል ስምምነት ዋጋ የለውም ይላል። አበዳሪው ማድረግ የሚችለው ፍርድ ቤት ሄዶ ገንዘቡን መጠየቅ፣ ከተፈረደለትም ቤቱ በፍርድ አፈጻጸም በሐራጅ እንዲሸጥለት ማድረግ ነው። ከዕዳው የተረፈው ለእርስዎ ይመለሳል። ሳይከሱ በሐራጅ መሸጥ የተፈቀደላቸው ባንኮች ናቸው፤ እነርሱም በ1990 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 97 መሠረት ነው። ግለሰብ አበዳሪ ይህ መብት የለውም። የሽያጭ ውል ሲያስፈርምዎ የሚያመልጠው እንግዲህ ከዚህ ከ3060 ነው።

ወለዱንም በዚያው ቀን በጽሑፍ ያስቀምጡ። ሕጉ በዓመት ከ12 በመቶ በላይ ወለድ መዋዋልን አይፈቅድም። መቶ ሺህ ብር የተበደረ ሰው በዓመት ቢበዛ 12,000 ብር ወለድ ይከፍላል ማለት ነው። በወር 10 በመቶ ብሎ የሚያበድር ሰው ግን በዓመት 120,000 ብር ይሰበስባል፤ ከዋናው ይበልጣል። ይህ አራጣ ነው፤ በ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግም ያስጠይቃል። «የሽያጭ ዋጋ» ተብሎ የተጻፈው ብር ውስጥ ወለዱ ተደምሮ ገብቶ እንደሆነ ከመፈረምዎ በፊት ይቁጠሩ። በእጅዎ የተቀበሉት ሰማንያ ሺህ ሆኖ ወረቀቱ መቶ ሺህ ካለ፣ የሚጠየቁት መቶ ሺህ ነው።

አበዳሪው «ከሽያጭ ውል ሌላ አልቀበልም» ካለ፣ የእኔ ምክር ገንዘቡን ትተው ይሂዱ ነው። ዘመድ፣ ዕቁብ፣ ብድርና ቁጠባ ማኅበር ይሞክሩ። ሰው ሲጨንቀው ይህን ምክር መስማት እንደሚከብደው አውቃለሁ። ቢሆንም የሚፈርሙት ወረቀት ቤትዎን የሚያሳጣ ነው፤ ሌላ ስም የለውም።

ከፈረሙ በኋላ፣ ጠብ ሳይነሣ

አበዳሪው ገና ፊቱን ሳያጠቁር ሊሠራ የሚገባው ሥራ አለ። ፍቅር ባለበት ጊዜ የሚገኝ ፊርማ በጠብ ጊዜ አይገኝም።

መጀመሪያ መተማመኛ ያስፈርሙ። ቢቻል ሽያጩ በተፈረመበት ቀን፣ ካልተቻለም ዛሬ። ይዘቱ እንዲህ ሊሆን ይችላል፦

«እኔ (የተበዳሪ ስም) በ… ከተማ በ… ቀበሌ የሚገኘውን ቁጥሩ … የሆነውን ቤቴን ለ(የአበዳሪ ስም) እንደሸጥሁ የሚገልጽ ውል በ… ቀን ፈርሜአለሁ። ሁለታችንም የምናረጋግጠው ይህ የሽያጭ ውል የተደረገው ለተበደርሁት ብር 100,000 መያዣ እንዲሆን ብቻ መሆኑን ነው። ገንዘቡን ስመልስ ውሉን ባረጋገጠው መሥሪያ ቤት አብረን ቀርበን እናፈርሰዋለን። ባልመልስ አበዳሪው ገንዘቡን በፍርድ ቤት ይጠይቃል እንጂ ቤቱን ለራሱ አያደርግም።»

ብዙ ሰው እዚህ ላይ የሚስተው አንድ ነገር አለ፤ ራሱ ብቻ ይፈርምና አበዳሪውን ሳያስፈርም ይቀራል። የእርስዎ ፊርማ እርስዎን አይጠቅምም፤ የሚያስፈልገው የአበዳሪው ፊርማ ነው። ምስክሮቹም በሽያጭ ውሉ ላይ የፈረሙት ሰዎች ራሳቸው ቢሆኑ ይመረጣል። ዋናው በእርስዎ እጅ ይቆይ፤ ቅጂውን ሌላ ቤት ያስቀምጡ።

ይህን ያህል የማጠብቀው ሕጉ ስለሚያስገድድ ነው። በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2005 እና 2006 መሠረት አንድ ሰው የፈረመው ሰነድ በእርሱ ላይ ሙሉ ማስረጃ ነው፤ በምስክር ሊያስተባብለውም አይችልም። ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድርም በቁጥር 2472 መሠረት የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ በፍርድ ቤት በሚሰጥ እምነት ወይም በመሐላ ብቻ ነው። ስለዚህ አምስት ጎረቤት «ብድር እንደሆነ እናውቃለን» ብሎ ቢመሰክርልዎ፣ ፍርድ ቤቱ እነዚያን ምስክሮች ላይሰማ ይችላል።

ቀጥሎ ክፍያው ነው። ለአበዳሪው የሚሰጡትን እያንዳንዱን ሳንቲም በባንክ ይላኩ፤ ምክንያት በሚለው ቦታም «የብድር ክፍያ» ብለው ይጻፉ። አንዲት እናት ያመጣችልኝን ከቶ አልረሳውም። ባለቤቷ በሕይወት ሳለ ለአበዳሪው በየወሩ የሰጠውን በልጁ ደብተር ጀርባ ይመዘግብ ነበር፦ «ጥቅምት 5 አሥር ሺህ ሰጠሁ»፣ «ኅዳር 4 አሥር ሺህ ሰጠሁ» እያለ፣ በሰማያዊ እስክሪብቶ፣ ሁለት ገጽ ሙሉ። የአበዳሪው ፊርማ ግን አንድም ቦታ የለበትም። በመሐከሉ ሰውየው ታሞ ስለነበር ሦስቱን ወር የላከው በባንክ ነው፤ ደረሰኞቹ ላይ «ለብድር ወለድ» የሚል ቃል ነበረባቸው። ሁለት ገጽ ሙሉ ከተጻፈው ደብተር ይልቅ እነዚያ ሦስት ቁራጭ ወረቀቶች የበለጠ ዋጋ ነበራቸው። አበዳሪው «ቤቱን ገዝቼ ለሻጩ አከራየሁት፤ የሚከፍለኝ ኪራይ ነው» ብሎ ነበርና። ምክንያቱ ባይጻፍበት ኖሮ የባንኩም ደረሰኝ የኪራይ ማስረጃ በሆነበት ነበር።

ሦስተኛው ውክልና ነው። ብዙ አበዳሪዎች ከሽያጩ ጋር «ስም ለማዛወር» የሚል ውክልና ያስፈርማሉ። ሕጉ ወካይ ውክልናውን በፈለገ ጊዜ እንዲሽር ይፈቅዳል፤ «አልሽርም» ብሎ የተዋዋለም ቢሆን። ውክልናውን በሰጡበት መሥሪያ ቤት ቀርበው ይሻሩት፤ የተሻረበትን ወረቀት ቅጂ በደብዳቤ አያይዘው ለተወካዩና ለማዘጋጃ ቤቱ ያስገቡ። የተቀባዩን ፊርማና የመዝገብ ቁጥር በእርስዎ ቅጂ ላይ ማስጻፍ አይርሱ።

የቤቱን ግብር በስምዎ መክፈልዎን ይቀጥሉ። የመብራትና የውኃ ደረሰኞችንም አያጥፉ። ቤቱን ካከራዩ የኪራይ ውሉ በእርስዎ ስም ይሁን። ሸጦ የወጣ ሰው ግብር አይከፍልም፤ ይህን ማንም ዳኛ ይረዳዋል።

ገንዘቡን ሙሉ በሙሉ ሲመልሱ ደግሞ ወረቀት መቅደድ ብቻ አይበቃም። የተረጋገጠው ውል አንድ ቅጂ በመሥሪያ ቤቱ መዝገብ ተቀምጧል፤ አበዳሪው ከዓመት በኋላ ትክክለኛ ግልባጭ ሊያወጣ ይችላል። ስለዚህ ሁለታችሁም እዚያው ቀርባችሁ ውሉ መፍረሱን ፈርማችሁ አስመዝግቡ፤ ገንዘቡን መቀበሉንም በጽሑፍ ይስጥዎ። አበዳሪው ገንዘቡን አልቀበልም ብሎ ከሸሸ (ቤቱን የፈለገ ሰው ይሸሻል) በፍርድ ቤት በኩል ገንዘቡን ማስቀመጥ ይቻላል። ቀኑ ሳያልፍ ያድርጉት።

መክፈያው ቀን ካለፈ በኋላ አበዳሪው ይዞልዎት የሚመጣውን አዲስ ወረቀት አይፈርሙ። ዕዳው ከደረሰ በኋላ ባለዕዳው በፈቃዱ ቤቱን ለአበዳሪው እንዲያስተላልፍ ሕጉ ይፈቅዳል። «ጊዜ እንድጨምርልህ ይችን ፈርም» የምትባለዋ ወረቀት ይህችው ልትሆን ትችላለች።

ጠቡ ሲነሣ፦ የመጀመሪያዎቹ ቀናት

«ቤቴን ልቀቅ» የሚል ማስጠንቀቂያ ወይም የስም ዝውውር ጥያቄ መቅረቡን የሰሙ ቀን፣ ለቁጣ ጊዜ የለም። ትልቁ አደጋ አበዳሪው ስሙን አዛውሮ ቤቱን ምንም ለማያውቅ ሦስተኛ ሰው መሸጡ ነው። ከዚያ በኋላ ክርክሩ እጥፍ ይከብዳል።

በዚያው ቀን ለማዘጋጃ ቤቱ የይዞታ ክፍል ማመልከቻ ያስገቡ፦ በቤቱ ላይ ክርክር መኖሩን፣ ውሉ የብድር መያዣ መሆኑን፣ ስም እንዳይዛወር መጠየቅዎን ይግለጹ። መሥሪያ ቤቱ በማመልከቻ ብቻ ላያግድ ይችላል፤ ቢሆንም ማሳወቅዎ በኋላ ይረዳዎታል። አስገዳጁ የፍርድ ቤት እግድ ነው። ክሱን ሲያስገቡ በ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 መሠረት ቤቱ እንዳይሸጥ፣ እንዳይለወጥ፣ ስሙም ወደ ሌላ እንዳይዛወር እንዲታገድ በቃለ መሐላ አስደግፈው ይጠይቁ። ትእዛዙ ሲሰጥ ግልባጩን ራስዎ ይዘው ማዘጋጃ ቤት ያድርሱ። ትእዛዝ በፖስታ ይደርሳል ብሎ ቤቱ የተቀመጠ ሰው ብዙ ተጎድቷል።

የከሰሰው አበዳሪው ከሆነ መጥሪያ አይሽሹ። ካልቀረቡ ጉዳዩ በሌሉበት ይታያል። በሌሉበት ከተፈረደም፣ መፈረዱን ካወቁበት ቀን ጀምሮ በአንድ ወር ውስጥ እንዲነሣ ማመልከት አለብዎ።

ክሱን ሲጽፉ

ብድሩን አይካዱ። «ገንዘብ አልወሰድሁም፣ ቤትም አልሸጥሁም» የሚል ሰው ዳኛው ዘንድ ሁለቱንም ያጣል። ተበድሬአለሁ፤ ይህን ያህል ከፍያለሁ፤ ቀሪውን በሕጋዊ ወለዱ ለመክፈል ዝግጁ ነኝ፤ ቤቱን ግን አልሸጥሁም ይበሉ።

ከዚያ መሠረትዎን ይለዩ። የሽያጭ ውሉ በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን ባለው መሥሪያ ቤት ፊት ያልተደረገ ከሆነ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1723ን ያንሡ። የፌደራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ችሎት በመዝገብ ቁጥር 21448 ይህን ሥርዓት ያላሟላ የቤት ሽያጭ እንደማይጸና ወስኗል። በኋላ በተሰጡ ውሳኔዎች ግን ሻጩ ሽያጩን ካልካደ አለመመዝገቡ ብቻ ውሉን እንደማያፈርሰው ተብራርቷል፤ ስለዚህ በመልስዎ ሽያጭ መኖሩን በግልጽ ይካዱ። ውሉ ከፈረሰ የወሰዱትን ገንዘብ ይመልሳሉ፤ ይህንም ይዘጋጁበት።

ውሉ የተመዘገበ ከሆነ ሙግቱ ጠባብ ነው። የአበዳሪው ጠበቃ ቁጥር 1733ን ይጠቅሳል፦ ውሉ ግልጽ ከሆነ ዳኞች በትርጉም ስም ከቃሉ መውጣት አይችሉም። የእርስዎ መልስ ሁለት ሰነዶችን አንድ ላይ ማንበብ ነው፤ ሽያጩንና መተማመኛውን። ሁለቱ ሲነበቡ የተዋዋዮቹ ፈቃድ ምን እንደሆነ ወደ መፈለግ ይኬዳል፤ ያኔ 3060ን ይጠሩታል። መተማመኛ ከሌለዎት የባንክ ደረሰኞችን፣ የስልክ መልእክቶችን፣ የግብር ደረሰኞችን፣ ስሙ እስካሁን በእርስዎ መሆኑን፣ የተጻፈው ዋጋ ከአካባቢው ገበያ እጅግ ማነሱን ያያይዙ። ችግርዎን ወይም የዋህነትዎን ተጠቅሞ ያስፈረመዎ ከሆነ ቁጥር 1710 አለ፤ ማታለልና ማስገደድም በምስክር ሊነገር የሚችል ፍሬ ነገር ነው። ይህን ምክንያት ይዞ ውል ለማፍረስ የተሰጠው ጊዜ ግን 2 ዓመት ብቻ ነው።

ምንም ወረቀት ለሌለው ሰው የቀረችው በር መሐላ ናት። ፍርድ ቤቱ ሌላውን ወገን እንዲያስምልልዎ ይጠይቃሉ። እርሱ ከማለ ግን አበቃ። አበዳሪው እግዚአብሔርን የሚፈራ መሆን አለመሆኑን እርስዎ ያውቃሉ፤ ከዚህ ሌላ ማስረጃ ካለዎት ይህን ዕጣ አይጣሉ።

ዳኝነቱን እንዲህ ብለው ይጠይቁ፦ «ውሉ የብድር መያዣ መሆኑ ተረጋግጦ ፈራሽ ይባልልኝ፤ ቀሪ ዕዳዬ በሕጋዊ ወለድ ተሰልቶ እንድከፍል ይወሰን፤ ቤቱ ከእግድና ከዕዳ ነፃ ሆኖ ይመለስልኝ።» የዳኝነት ክፍያ መክፈል ካቃትዎት ከቀበሌ ማስረጃ ይዘው በደሃ ደንብ መክሰስ ይችላሉ። የደብረ ማርቆስና የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲዎች የሕግ ትምህርት ቤቶችም ለአቅመ ደካሞች ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ።

ያልፈረመች ሚስት፣ ያልፈረመ ባል

ቤቱ የጋራ ሆኖ አንዱ ብቻ ፈርሞ ከሆነ፣ ያልፈረመው ወገን የራሱ መብት አለው። የጋራ የማይንቀሳቀስ ንብረት ያለ ሁለቱ ስምምነት አይሸጥም። ክርክሩ ተጀምሮ ከሆነ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ጣልቃ ገብቶ መከራከር፣ ተፈርዶም ከሆነ በቁጥር 358 ፍርዱን መቃወም ይቻላል። ጊዜው አጭር ነው፤ ያወቁ ዕለት ይነሡ።

ገጠር ላለ ሰው

በ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሠረት መሬት አይሸጥም፣ አይለወጥም። የእርሻ መሬትን ለዕዳ «ሸጥሁ» የሚል ወረቀት ስለዚህ ከመነሻው አይጸናም። በአገራችን የኖረው ወለድ አገድ ነው፤ አበዳሪው ዋናው እስኪመለስለት እያረሰ ምርቱን በወለድ ይበላል። ችግሩ ስንት ዓመት እንደቆየ፣ ዋናው ስንት እንደነበር ማንም አለመጻፉ ነው። አባት ይሞታል፤ ልጅ «አባቴ ያረሰው ነው» ይላል። የይዞታ ደብተርዎን ለአበዳሪ አሳልፈው አይስጡ። የሚያደርጉትን ስምምነት ሁሉ ዘመኑንና ገንዘቡን ጠቅሰው በወረዳው የመሬት ጽሕፈት ቤት ያስመዝግቡ። የመጠቀም መብትን ለገንዘብ ተቋም ማስያዝ በክልሉ የገጠር መሬት ሕግ ተፈቅዷል፤ ከግለሰብ አራጣ ይልቅ እርሱን ይጠይቁ።

ሽማግሌ ሲገባ

እርቅ ክቡር ነው፤ እኔም ስንቱን መዝገብ በሽምግልና ሲዘጋ አይቼ ደስ ብሎኛል። ሆኖም «ከፋሲካ በኋላ እንየው»፣ «አዝመራው ይግባና» እየተባለ ውል ለማፍረስ የተሰጠው ሁለት ዓመት ያልቃል፤ አበዳሪው በዚህ መሐል ስም ያዛውራል። ሽማግሌ ይቀመጥ፣ እግዱ ግን አስቀድሞ ይውጣ። የተስማሙበት ቃል ይጻፍ፤ ሁለቱም ይፈርሙበት፤ መዝገብ ካለም ለፍርድ ቤቱ ቀርቦ ይጽደቅ። ያልጸደቀ እርቅ ነገ ሌላ ክስ ይወልዳል።

ፍርዱ ከተፈረደልዎት በኋላ

ውሳኔው በእጅዎ እንዳለ ቤትዎ አይግቡ። ትክክለኛ ግልባጩን በማኅተም ያውጡ። አንዱን ውሉን ላረጋገጠው መሥሪያ ቤት ይስጡና በመዝገቡ ላይ ፈራሽ መሆኑ ይጻፍበት። አንዱን ለማዘጋጃ ቤቱ ያስገቡ፤ እግዱ እንዲነሣና በስምዎ ላይ ያረፈ ነገር ካለ እንዲሰረዝ ይጠይቁ። ካርታው በአበዳሪው እጅ ካለ፣ እንዲያስረክብ በአፈጻጸም ያስገድዱት። ይግባኝ የሚባልበት 60 ቀን እስኪያልፍ ድረስ ደረሰኞችዎን ከሳጥን አያውጡ።